የሰሜኑ ጌታ ደጃዝማች ውቤና የጌትነት ነገር

(በቂርያት ጋት የኢንዱስትሪ ቀጠና ለአዲስ ገቢ ቤተሰቦች የተደረገ ንግግር)

አንዳንዶቻችሁ ከሌሊት ፈረቃ ወጥታችሁ ሳታርፉ፣ ሌሎቻችሁም ከኡልፓን ተነሥታችሁ በቀጥታ እዚህ ስለተገኛችሁ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እንድናገርበት የተሰጠኝ ርዕስ «ጌታና ገባር በአገራችን» የሚል ነው። ርዕሱ ሰፊ ነው፤ ሁሉን ልዘርዝር ብል ይመሽብናል። ስለዚህ አንድ ጌታ መርጬ እንዴት እንደተሾሙ፣ እንዴት እንደኖሩና እንዴት እንደወደቁ ልነግራችሁ አስቤአለሁ። እኒህ ሰው የሰሜኑ ደጃዝማች ውቤ ኃይለ ማርያም ናቸው።

ስሙን ስትሰሙ አዲስ አበባ ያለው ውቤ በረሃ ትዝ የሚላችሁ ትኖሩ ይሆናል። ያ ሰፈር የተጠራው በሌላ ሰው፣ በደጃዝማች ውቤ አጥናፍ ሰገድ ነው። የእኛዎቹ ውቤ ከዚያ ብዙ ቀደም ያሉ ናቸው። ንጉሥ አልሆኑም፤ ራስ እንኳ አልተባሉም። እስከ ዕለተ ሞታቸው ደጃዝማች ነበሩ።

«በእነዚህ ፋብሪካዎች መካከል ተቀምጠን ስለ ጥንት መኳንንት ማውራት ምን ይጠቅመናል?» የምትሉ አላችሁ። ምክንያቱን ልንገራችሁ። ከሰዎቻችን ብዙዎቹ፣ በተለይ በዕድሜ ገፋ ያሉት፣ የፈረቃ ኃላፊውን «ጌታዬ» ይሉታል። ሲያናግሩት አንገታቸውን ሰበር ያደርጋሉ፤ ቀና ብለው አያዩትም። ከደመወዛቸው ሲጎድልባቸው ራሳቸው ገብተው አይጠይቁም፤ አማላጅ ይፈልጋሉ። ኃላፊው ግን ምናልባት ሠላሳ ዓመት ያልሞላው ጎረምሳ ነው፤ ሠራተኛው ሁሉ በስሙ ይጠራዋል። ዕብራይስጥ «አንቱ» የሚባል ቃል የለውም። ማናሄሉም «አታ» ነው፣ ወለል የሚወለውለውም «አታ» ነው። ልጆቻችን ይህን በአንድ ወር ይለምዱታል። እኛ ሽማግሌዎቹ ግን ቶሎ አይሆንልንም። እኔ አክብሮትን ጣሉት የምል ሰው አይደለሁም፤ ትልቅን ማክበር የአባቶቻችን ጌጥ ነው። ነገር ግን ከአክብሮቱ ጋር ተደባልቆ የመጣ ፍርሃት አለ። ያ ፍርሃት ከየት እንደመጣ ለማወቅ ጌታ የሚባለው ሰው ማን እንደነበር ማየት ያስፈልጋል።

እንግዲህ ወደ ሰሜን እንሂድ። ከመካከላችሁ የዚያ አገር ልጆች አላችሁ፤ ብሳሳት ታርሙኛላችሁ። ከጎንደር ተነሥቶ ወገራን አቋርጦ ደባርቅ ሲደረስ ተራራው ይጀምራል። ራስ ዳሽን ከ4500 ሜትር በላይ ነው። ከፍ ባለው ደጋ ጤፍ አይበቅልም፤ የሚዘራው ገብስ ነው። አምባዎቹ ጥቂት ሰው ብዙ ጦር እንዲመልስባቸው የተሠሩ ይመስላሉ። ለዚህ ነው የሰሜን ጌታ የሆነ ሰው ለሌላው በቀላሉ የማይገብረው። ከውቤ ሁለት መቶ ዓመት በፊት በዚሁ ተራራ ላይ ጌቶቹ የእኛው አባቶች ነበሩ። ጌዴዎን የሚባሉ የቤተ እስራኤል መሪዎች አምባ ይዘው ከነገሥታቱ ጋር ሲዋጉ ኖረው፣ አጼ ሱስንዮስ በ1620ዎቹ ኃይላቸውን ሰበሩት። ዓመቶቹን ሁሉ የምጠራላችሁ እዚህ በምንጠቀምበት በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ውቤ የተወለዱት በ1800 አካባቢ ነው። አያታቸው ራስ ገብሬ፣ አባታቸው ደጃዝማች ኃይለ ማርያም ገብሬ ሰሜንን በተራ ገዝተዋል። ዘመኑ ዘመነ መሳፍንት ነበር። ከ1769 እስከ 1855 ድረስ ጎንደር ላይ ንጉሥ ይቀመጣል፤ ንጉሡ ግን ስም ብቻ ነው። ኃይሉ በደብረ ታቦር በተቀመጡት በየጁ ራሶች እጅ ነው። ሌላው መስፍን በየአገሩ ጦር ሰብስቦ ለራሱ ይገዛል። አንዱ ሲያይል ሌላው ይገብራል፤ ሲደክም ደግሞ ይሸፍትበታል።

የውቤ አባት በ1826 ሲሞቱ ግዛቱ ለማን ይሁን የሚል ጥያቄ ተነሣ። በአገራችን እንደ አንዳንድ አገር የበኩር ልጅ ብቻ ይውረስ የሚል ሕግ አልነበረም። ወንድማቸው መርሶም ለእኔ ይገባል አለ። በመጨረሻ ግዛቱ የውቤ ሆነ፤ መርሶ ግን ለብዙ ዓመት የጎን ውጋት ሆነውባቸው ኖሩ። ውቤን ሊያጠቃ የፈለገ መስፍን ሁሉ መርሶን ጠርቶ «ሰሜንን ለአንተ እሰጥሃለሁ» ይል ነበር። እንግዲህ የጌታ ሕይወት ሲጀምር እንዲህ ነው፤ የመጀመሪያው ጠላት በአንድ ቤት ያደገ ወንድም ነው።

ውቤ ለየጁው ለራስ ማርዬ ገበሩ። በ1831 የካቲት ወር ማርዬ በትግራዩ ገዥ በደጃዝማች ሰባጋዲስ ላይ ሲዘምቱ ውቤ አብረው ነበሩ። ደብረ ዓባይ ላይ ትልቅ ጦርነት ሆነ። ማርዬ በጦሩ ላይ ሞቱ፤ ሰባጋዲስም ተማርከው ተገደሉ። ሁለቱ ትልልቆች በአንድ ጊዜ ሲያልፉ የተረፈው የሰሜኑ ሰው ነበር። ውቤ ቀስ በቀስ ትግራይን ያዙ። ትግራይን የያዘ የምጽዋን በር ያያል፤ በዚያ በር ደግሞ ጠመንጃ ይገባል። በዘመኑ ከነበሩት መሳፍንት መካከል ብዙ ጠመንጃ የነበራቸው ውቤ እንደነበሩ ይነገራል። በገብስ አገር የተወለደው ደጃዝማች በጨውና በጠገራ ብር ግብር የሚሰበስብ ጌታ ሆነ።

ልጆቻችን «ደጃዝማች» ምን ማለት ነው ብለው ቢጠይቋችሁ እንዲህ ብላችሁ ንገሯቸው። ማዕረጎቻችን ሁሉ የወጡት ከጦር ሰፈር ነው። ፊታውራሪ ከፊት የሚቀድመው ነው። ቀኝ አዝማች ቀኙን፣ ግራ አዝማች ግራውን ያዘምታል። ደጃዝማች ደግሞ የደጁ፣ የድንኳኑ በር አዝማች ነው። ስሙ ራሱ እንደሚናገረው ጌታ ማለት በሰላም ጊዜም ቢሆን ሰፈር ውስጥ የተቀመጠ ወታደር ነበር።

የአንድ ደጃዝማች ቀን እንዴት ይውል እንደነበር ከአያቶቻችሁ የሰማችሁ ትኖራላችሁ። ጎሕ ሲቀድ ደጁ በሰው ይሞላል። መሬቱን የተነጠቀ አለ፣ ከወንድሙ የተጣላ አለ፣ ሹመት የሚፈልግ አለ፣ ምንም ጉዳይ ሳይኖረው ለመታየት ብቻ የመጣም አለ። አጋፋሪው ዱላ ይዞ በሩ ላይ ይቆማል። የሚያውቀውን ወይም እጁን ያረጠበለትን ያስገባል፤ ሌላውን «ጌታ እልፍኝ ናቸው» ብሎ ይመልሳል። ይህ ነው ደጅ ጥናት የሚባለው። ሰው ወር፣ ሁለት ወር፣ ዓመትም ደጅ ይጠናል። ስንቁን ጨርሶ ይበደራል። ምሳ ሲደርስ ግብር ይገባል። ትልልቆቹ ከጌታው አጠገብ ይቀመጣሉ፤ ጮማውና ጥሩው ጠጅ ከዚያ ይጀምራል። ወደ በሩ እየራቀ በሄደ ቁጥር ሥጋው ይቀጥናል፣ ጠጁም ጠላ ይሆናል። ሰው ክብሩ ስንት እንደሆነ ለማወቅ የተቀመጠበትን ቦታ ማየት ይበቃው ነበር።

ይህን ሁሉ የሚያበላው ማን ነው? እዚህ ላይ ጥቂት ቆም ልበል፤ የነገሩ ሥር ያለው እዚህ ነውና። በሰሜኑ አገራችን ሁለት ዓይነት የመሬት መብት ነበር። አንዱ ርስት ነው፤ ከአባት ከእናት በዘር የሚወረድ፣ ገበሬው የሚያርሰው። ሁለተኛው ጉልት ነው። ጉልት የያዘ ጌታ መሬቱን አያርስም፣ መሬቱም የእርሱ አይደለም። የእርሱ የሆነው ከመሬቱ ግብር የመሰብሰብ መብት ብቻ ነው። ከበላዩ ያለው ጌታ የሰጠውን ሲፈልግ ይነጥቀዋል። ገበሬው እህል ይሰፍራል፣ ማር ያገባል፣ የጌታውን እርሻ ያርሳል፣ አጥር ያጥራል፣ ጦር ሲነሣ ስንቅ ይሸከማል። ከሁሉ የከፋው ግን ወታደር ሲሰፍርበት ነበር። ወታደር ደመወዝ አልነበረውም፤ ደመወዙ የገበሬው ጎተራ ነው። የወዳጅ ጦር ሲያልፍና የጠላት ጦር ሲያልፍ ለገበሬው ልዩነቱ ያን ያህል አልነበረም።

እኛስ? እኛ ከገበሬውም ከበታች ያለ ቦታ ላይ ነበርን። አባቶቻችን በ15ኛው መቶ ዘመን በአጼ ይስሐቅ ጊዜ ሃይማኖታቸውን ስላልለወጡ ርስት መውረስ እንደተከለከሉ ይነገራል። ከዚያ በኋላ ብዙዎቹ የሌላ ሰው መሬት በእርቦ ወይም በእኩል እያረሱ ኖሩ። ያ ስላልበቃቸው ሙያ ያዙ። ወንዱ ብረት ቀጠቀጠ፣ ሸማ ሠራ፣ ግንብ ገነባ፤ ሴቷ ሸክላ ሠራች። የጎንደር ነገሥታት ግንብ ሲያሠሩ የእኛ አናጺዎችና ግንበኞች ተፈልገው ነበር፤ ከመካከላቸው ማዕረግና መሬት ያገኙም አሉ። ዘመነ መሳፍንት ሲመጣ ግን ግንብ የሚያሠራ ንጉሥ ጠፋ።

አስተውሉ። ያ ደጃዝማች ያለ ጦርና ያለ ማረሻ አንድ ቀን አያድርም። ጦሩን የሚስል፣ ማረሻውን የሚቀጠቅጥ የእኛ ሰው ነው። ነገር ግን ቀን ቀን ሥራውን የሚፈልገው ሰው ሲመሽ «ቡዳ ነው» ብሎ ይሸሸዋል። ልጅ ሲታመም በእሱ ይመካኛል። ርስት ስለሌለው ከጌታው ፊት ቆሞ «የአባቴ መሬት» ብሎ መከራከር አይችልም። ያለው ተስፋ የጌታው ቸርነት ብቻ ነው። «ጌታዬ» የሚለው ቃል ከአፋችን የማይወጣው ለዚህ ነው። ቃሉ ሰላምታ ብቻ አልነበረም፤ መከላከያችን ነበር።

ወደ ውቤ ልመለስ። ሰውየው ሲያዩዋቸው ሁሉ የሞላላቸው ይመስላሉ። ትግራይንና ሰሜንን ይዘዋል፣ ጠመንጃ አላቸው። በ1841 ከግብፅ አዲስ ጳጳስ፣ አቡነ ሰላማን አስመጡ። በዚያን ጊዜ ጳጳስ ያለው ንጉሥ ማንገሥ ይችላልና ይህ ትልቅ ነገር ነበር። ከዚህ በኋላ ዓይናቸው ወደ ደብረ ታቦር ሄደ። የየጁው ራስ ዓሊ ወጣት ናቸው፤ የጎጃሙ ብሩ ጎሹም ከውቤ ጋር ሆኑ። በ1842 የካቲት ወር ደብረ ታቦር ላይ ገጠሙ። የውቤ ጠመንጃ ሥራውን ሠራ፤ ራስ ዓሊ ከጦሩ ሸሹ። ውቤ አሸነፉ።

ቀጥሎ የሆነውን ግን ተረት የሚሠራ ሰው እንኳ እንዲህ አድርጎ አይሠራውም። ውቤ በድንኳናቸው ተቀምጠው ለድል ሲጠጡ፣ የራስ ዓሊ ዘመድ ብሩ አሊጋዝ ከጥቂት ሰው ጋር ደረሱና ያዟቸው። ጠዋት ያሸነፉት ጌታ በዚያው ቀን ታሰሩ። የሸሹት ራስ ዓሊ ተመልሰው በቦታቸው ተቀመጡ። የውቤ ሰዎች ምን አደረጉ ብትሉ፣ ጌታቸው ከተያዘ የሚዋጉለት ነገር የላቸውም፤ ተበተኑ። በኋላ አቡነ ሰላማ አማልደው ውቤ ተፈቱና ወደ አገራቸው ተመለሱ።

እኔ ይህን ታሪክ ሳነብ የሚገርመኝ መጠጡ አይደለም። የሚገርመኝ ጌትነቱ ሁሉ በአንድ ሰው ሥጋ ላይ የተንጠለጠለ መሆኑ ነው። መዝገብ የለም፣ ሕግ የለም፣ መሥሪያ ቤት የለም። ሰውየው ከተያዘ አገሩ ተያዘ ማለት ነው። ለዚህ ነው ጌታ ሁልጊዜ የሚፈራው። ከበላዩ ያለውን ይፈራል፤ ሹም ሽር አለና። ከጎኑ ያለውን ይፈራል፤ ወንድሙ ነውና። ከበታቹ ያለውን ይፈራል፤ ነገ ይከዳዋልና። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው ተረት ዝም ብሎ የመጣ አይደለም። ነገ እንደሚሻር የሚያውቅ ሰው ዛሬ ከገባሩ ላይ ይልጣል። እኛ ደጅ የምንጠናው ጌታም በሌላ ጌታ ደጅ ቆሞ የሚጠና ነበር።

ውቤ ከዚያ በኋላ አሥራ ሦስት ዓመት ገዙ። በሰሜን ደረስጌ ላይ የማርያምን ቤተ ክርስቲያን አሠሩ፤ በሥራው ኤድዋርድ ዛንደር የሚባል ጀርመናዊ ሰዓሊ ነበረበት። እዚያ ሊነግሡበት አስበው እንደነበር ይነገራል። በዚህ መካከል ከቋራ ካሣ ኃይሉ የሚባል፣ በመሳፍንቱ ዘንድ ከቁጥር ያልገባ ሰው ተነሣ። አንዱን ከአንዱ በኋላ እየጣለ መጣ። በ1853 ራስ ዓሊን አይሻል ላይ ድል አደረገ። ከትልልቆቹ ውቤ ቀሩ። በ1855 የካቲት 9 ቀን ደረስጌ ላይ ገጠሙ፤ ውቤም ተሸንፈው ተማረኩ። ከሁለት ቀን በኋላ ካሣ ውቤ ባሠሩት ቤተ ክርስቲያን፣ ውቤ ባስመጡት ጳጳስ እጅ፣ አጼ ቴዎድሮስ ተብለው ነገሡ።

በዚያው በ1855 ዳንኤል የሚባል አንድ ቤተ እስራኤል ከልጁ ከሙሴ ጋር ኢየሩሳሌም መድረሱን በጎን ልጥቀስላችሁ። ጌቶቹ በደረስጌ ሲፋለሙ እነዚህ ሁለቱ መንገድ ላይ ነበሩ።

ውቤ ብዙ ዓመት ታስረው በ1867 አካባቢ ሞቱ። ቤታቸው ግን አልጠፋም። አጼ ቴዎድሮስ ልጃቸውን ጥሩወርቅን አገቡ፤ ከእርሷም በ1861 አለማየሁ ተወለደ። ከ1868ቱ የመቅደላ ጦርነት በኋላ እንግሊዞች ልጁን ይዘው ሄዱ፤ እናቱ መንገድ ላይ ሞተች። አለማየሁ በ1879 በአሥራ ስምንት ዓመቱ እንግሊዝ አገር ሞቶ ዊንዘር ተቀበረ። አጽሙ እንዲመለስ ሲጠየቅ የእንግሊዝ ቤተ መንግሥት በ2023 አይሆንም ብሏል። በሌላ በኩል ደግሞ የውቤ ወንድም የብጡል ልጅ ጣይቱ የአጼ ምኒልክ ባለቤት ሆና እቴጌ ተብላ ነገሠች። ዕጣ እንዲህ ነው።

አሁን ወደ ሩቅ አገር ልውሰዳችሁ፤ ወደ ጃፓን። ለምን ጃፓን? የጃፓን ጌቶች ኑሮ ከእኛዎቹ ጋር በጣም ስለሚመሳሰል፣ ፍጻሜው ግን ስለሚለይ ነው። እነሱም የራሳቸው ዘመነ መሳፍንት ነበራቸው፤ ከመቶ ዓመት በላይ አንዱ ጌታ ሌላውን ሲወጋ ኖሯል። ጌታውን ዳይምዮ ይሉታል። ንጉሡ እንደ ጎንደሩ ንጉሥ በቤተ መንግሥቱ ተቀምጧል፤ የሚገዛው ግን ሾጉን የሚባል የጦር አለቃ ነው። ከ1600ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ የቶኩጋዋ ሾጉኖች ጦርነቱን አስቆሙ። ያስቆሙበት ዘዴ ደጅ ጥናትን ሕግ ማድረግ ነበር ብል አላጋነንሁም። እያንዳንዱ ዳይምዮ አንድ ዓመት በአገሩ፣ አንድ ዓመት ሾጉኑ ባለበት በኤዶ ከተማ እንዲኖር ተገደደ። ወደ አገሩ ሲሄድ ሚስቱና ወራሽ ልጁ ኤዶ ይቀራሉ፤ መያዣ ናቸው። የጉዞው ወጪ ብቻ ትንንሾቹን ጌቶች ዕዳ ውስጥ ይዘፍቃቸው ነበር።

የጌታው ትልቅነት የሚለካው በሩዝ ነው። ኮኩ የሚባል መስፈሪያ አለ፤ አንድ ኮኩ አንድ ሰው ዓመት የሚበላው ሩዝ ያህል ነው። ዳይምዮ ለመባል ቢያንስ 10000 ኮኩ የሚሰጥ አገር ያስፈልጋል። ትልቁ ጌታ አንድ ሚሊዮን ኮኩ ነበረው፤ ብዙዎቹ ግን ትንንሾች ነበሩ። ለምሳሌ ካዙሳ በሚባለው አገር የኩሩሪ ጌታ የነበረው የኩሮዳ ቤተሰብ 30000 ኮኩ ነበረው። በጃፓንም ገበሬው ሩዙን ያገባል፣ ሳሙራይ የሚባለው ወታደር ይበላዋል። በዚያም አገር የሚፈለጉ ግን የሚናቁ ባለሙያዎች ነበሩ። ቆዳ የሚያለፉት ለብቻቸው ሰፈር ይኖራሉ፤ ሰው ከእነሱ ጋር አይጋባም፣ አይበላም። ቆዳው ግን የጌታው የጦር ልብስ ነው። ይህን ሳነብ የማውቀው ሰፈር መሰለኝ።

ፍጻሜው ነው የሚለየው። በ1868 በጃፓን አዲስ መንግሥት ተነሣ። በ1869 ጌቶቹ የመሬትና የሕዝብ መዝገባቸውን ለንጉሠ ነገሥቱ እንዲያስረክቡ ተደረገ። በ1871 ደግሞ ግዛቶቹ በአንድ አዋጅ ተሻሩ፤ ጌቶቹ ወደ ቶክዮ ተዛውረው ጡረታ እየተቀበሉ እንዲኖሩ ሆነ። በዚያው ዓመት ቆዳ ፋቂዎቹም ከሌላው ዜጋ እኩል ናቸው ተብሎ ታወጀ። አዋጁ ንቀቱን ወዲያው አላጠፋውም፤ ልጆቻቸው ሥራና ጋብቻ ሲፈልጉ ብዙ ዘመን ተቸግረዋል። ቢሆንም ተናቂው ሰው የሚጠቅሰው ወረቀት አገኘ። ከዚያ በፊት አልነበረውም።

ይህ ነገር ከእኛ አገር ጋር አልተገናኘም እንዳትሉ። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1931 ጃፓን ሄደው አይተው «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የሚል መጽሐፍ ጽፈዋል። በዚያ ጊዜ ከተማሩት ኢትዮጵያውያን ብዙዎቹ «ጃፓን እንዴት ጌቶቿን ያለ ዘመነ መሳፍንት አሳረፈች?» እያሉ ይጠይቁ ነበር። የ1931ዱ ሕገ መንግሥታችንም የጃፓንን ሕገ መንግሥት አርአያ ያደረገ ነው። ከብላቴን ጌታ ጋር የሄዱት ልጅ አርአያ አበበ የጃፓን ሴት ለማግባት አስበው፣ የተመረጠችው የዚያ የኩሮዳ ቤተሰብ ልጅ ማሳኮ ነበረች። በ1934 ነገሩ ፈረሰ፤ የኢጣልያ ጫና አለበት ተብሏል። የትንሽ ዳይምዮ ዘር ወደ ኢትዮጵያ ለሙሽርነት ልትመጣ ጥቂት ነበር የቀራት።

በእኛ አገር ግን ጉልትና ገባርነት ብዙ ቆየ። በመጨረሻ በ1975 ወታደራዊው መንግሥት የገጠር መሬትን አዋጅ ሲያወጣ ነው ገባርነት የቀረው። ከእናንተ በዕድሜ የገፉት ያንን ቀን ያስታውሳሉ። ለብዙ ቤተ እስራኤል በስሙ የሚያርሰው መሬት የተገኘው ያን ጊዜ ነበር፤ ከዚያም ጋር ከጎረቤት ጥል መጣ። ሌላም መከራ ተከተለ፤ እሱ የዛሬ ርዕሳችን አይደለም።

አሁን ወደዚህ ወደ ቂርያት ጋት ልመለስ። ይህ ከተማ በ1950ዎቹ አጋማሽ በስደተኞች እጅ የተሠራ ነው። ከእኛ በፊት ከሞሮኮና ከሌላም አገር የመጡ ሰዎች በስኳር ፋብሪካው፣ በፖልጋት ጨርቃ ጨርቅ ሠርተዋል። ከ1999 ጀምሮ ደግሞ የኢንቴል ፋብሪካ አለ። እነዚያ ሰዎችም ሲመጡ ኃላፊውን ይፈሩ ነበር። ያስጣላቸው ነገር ድፍረት ብቻ አልነበረም፤ ወረቀትም ነው።

ወረቀቱ ይህ ነው። ከ2002 ጀምሮ በወጣ ሕግ ቀጣሪያችሁ ሥራ በጀመራችሁ በ30 ቀን ውስጥ የሥራችሁን ሁኔታ በጽሑፍ ሊሰጣችሁ ግዴታ አለበት። ስንት ሰዓት፣ ስንት ብር፣ ማን ኃላፊ እንደሆነ እዚያ ላይ አለ። በየወሩ ደግሞ ትሉሽ ይሰጣችኋል። ትሉሹ ላይ የሠራችሁት ሰዓትና ከደመወዛችሁ የተቀነሰው ሁሉ መጻፍ አለበት። ደመወዛችሁ እስከሚቀጥለው ወር 9ኛ ቀን ካልተከፈለ ዘገየ ይባላል፤ ሕጉ ካሳ ያስከፍላል። ጡረታ ከ2008 ጀምሮ ለሠራተኛ ሁሉ ግዴታ ሆኗል። ሊያባርራችሁ የሚፈልግ ኃላፊ አስቀድሞ ጠርቶ ሊሰማችሁ ይገባል፤ ይህ ሺሙዓ ይባላል። እዚያ ስትጠሩ ሰው ይዛችሁ መግባት ትችላላችሁ። ያ ሰው አማላጅ አይደለም። «ይቅር በሏቸው» ሊል የሚገባ ሽማግሌ ሳይሆን ሕጉን የሚያውቅ፣ ቋንቋውን የሚናገር ሰው ይሁን።

አንዲት እናት ባለፈው ጊዜ «ለኃላፊዬ ዳቦ ጋግሬ ልውሰድለት?» ብላ ጠየቀችኝ። ውሰጂለት አልኋት፤ ዳቦሽ ጥሩ ነው። ግን መጀመሪያ ስለጎደለው ሰዓት ጠይቂው፤ ዳቦውን በሌላ ቀን አድርጊው። ሁለቱ በአንድ ቀን ከሆኑ ዳቦው መማለጃ ይመስላል፣ ጥያቄውም ልመና ይሆናል። አባቶቻችን ለአጋፋሪው የሚሰጡትን ማር አስታውሱ።

በሚቀጥለው ስብሰባ የሦስት ወር ትሉሻችሁን ይዛችሁ ኑ። ዕብራይስጥ የሚያነቡ ወጣቶች በየጠረጴዛው ይቀመጣሉ፤ መስመር በመስመር ያነቡላችኋል። ትሉሽ የማይሰጠው ሰው ካለ ባዶ እጁንም ቢሆን ይምጣ። ልጆቻችሁንም አምጧቸው፤ ስለ ደጃዝማች ውቤ የጠየቃችሁኝን ለእነሱም እመልሳለሁ።